«አንቺ» ያለችው የቤት ሠራተኛ

ትናንት ከሰዓት በኋላ ራስ ዲካ ካፌ ቁጭ ብዬ ከአርታዒዬ ጋር በስልክ ተጨቃጨቅኩ... ሰው ሁሉ ዞሮ እስኪያየኝ።

አባቴ ኩባ የተማረ ሰው ስለሆነ ስፓኒሽ ያስተማረኝ እሱ ነው። ቀን ቀን ወደቡ አጠገብ ባለው ነፃ የንግድ ቀጠና ውስጥ የጭነት ሰነድ እተረጉማለሁ። በተረፈኝ ሰዓት ደግሞ አንድ የጥንት የስፔን ልብወለድ ለዛሬ አንባቢ በሚሆን እንግሊዝኛ እየመለስኩ ነው። ውጭ አገር የሚታተም የመጀመሪያ ሥራዬ ነው።

ታሪኩ ውስጥ አንዲት የቤት ሠራተኛ አለች። እመቤቷን ዕድሜ ልኳን «እርስዎ» ስትል ኖራ፣ ልጇን በቀበረች ማግስት «ለእንግዶቹ ምሳ ሥሪ» ስትባል... «አንቺ» ብላ ትጀምራለች። ሦስት ገጽ ሙሉ የሆዷን ትዘረግፈዋለች።

አርታዒው ይህን ቁረጪው አለኝ።

«የዛሬ አንባቢ ትዕግሥት የለውም። ደግሞ በእንግሊዝኛ አንቺም እርስዎም አንድ ነው። 'ተቆጥታ ወጣች' በይና እለፊው።»

«አልቆርጥም።»

«እንግዲያው ሌላ ተርጓሚ እንፈልጋለን። እስከ ማታ አስቢበት» ብሎ ዘጋው።

ስልኩን ጠረጴዛው ላይ ወረወርኩት። አብረውኝ የነበሩት ጎረቤቴ እትዬ ዘይነባ ናቸው፣ ካርቲዬ ሁለት ሰፈር ጨርቅ የሚነግዱ የድሬዳዋ ሴት። «ማነው እንዲህ ያበገነሽ?» አሉኝ። ነገርኳቸው። ከዚያ ቦታውን ከስፓኒሹ እያየሁ እዚያው በአማርኛ አነበብኩላቸው።

ስልካቸውን እየነካኩ ነበር የሚሰሙኝ። አስቀመጡት።

«አንቺ አለቻት?»

«አዎ።»

«ፊት ለፊት?»

«ፊት ለፊት።»

ከጎናችን የነበረ የከባድ መኪና ሹፌር ወንበሩን ወደኛ አዞረ። ማንበብ ሳቆም «ጨርሺው እንጂ» አለኝ። ጨረስኩት።

እትዬ ዘይነባ ወደ እኔ ጠጋ አሉ። «በወጣትነቴ ሪያድ ሰው ቤት ሠርቻለሁ። ይቺን ንግግር ሳልናገራት በሆዴ ይዣት ነው የተመለስኩት... ወላሂ እንዳትቆርጪው።»

እዚያው ላፕቶፔን ከፈትኩ። እንግሊዝኛው «አንቺ» ከሌለው ሌላ በር እፈልጋለሁ። መጽሐፉን ሙሉ «እመቤቴ» ስትል የቆየችው ሠራተኛ፣ እዚህ ጋ እመቤቲቱን በስሟ «ሉዊሳ» ብላ እንድትጠራት አደረግኩ። «ሦስቱም ገጽ ይገባል፣ አለዚያ እኔም የለሁበትም» ብዬ ገጾቹን ለአርታዒው ላክሁለት።

ፀሐይ ሳትጠልቅ መልሱ መጣ። «'ሉዊሳ' የምትለው ጋ ስደርስ ተመልሼ አነበብኩት። እሺ፣ ይግባ። ግን አንባቢ ረዘመ ብሎ ቢያማርር መልስ የምትሰጪው አንቺ ነሽ።»

«ስልኬን ስጣቸው» አልኩት።