የፓርቪን ፊልምና አልበላም ያለው እንግዳ

ፓርቪንን ያወቅኳት እዚህ ሚኒሶታ፣ ብሉሚንግተን ከተማ ያለ ሆቴል ስንሠራ ነው። እኔ ክፍል አጸዳለሁ፣ እሷ ላውንደሪ ናት። ብሬክ ላይ ሁሌ ስትጽፍ አያታለሁ። ደብዳቤ ይመስለኝ ነበር። አንድ ቀን ደፍሬ ስጠይቃት «ፊልም ነው» አለችኝ። እኔ ጽፌ አላውቅም፣ ካጠፋሁ ይቅርታ። ግን የሷን ነገር ሰው ቢያውቀው ደስ ይለኛል።

ፓርቪን ኢራናዊት ናት። አገሯ ቲያትር ተምራ ሁለት አጭር ፊልም ሠርታለች። እዚህ በመጣች በአሥራ አራት ዓመት ውስጥ ደግሞ ዘጠኝ። ራሷ ትጽፋለች፣ ራሷ ዳይሬክት ታደርጋለች፣ ሰው ከጎደለም ራሷ ትገባለች። የምታሠራው እኛን የሥራ ጓደኞቿን ነው።

ዘንድሮ ለፌስቲቫል የምታስገባው ፊልም አንድ ሲን ቀርቶት ነበር። ማስገቢያው ሊያበቃ አንድ ቀን ቀርቶታል፣ ሲዋርድ ሰፈር ያለውን አዳራሽ ደግሞ የሰጡን ለሦስት ሰዓት ብቻ ነው። ሲኑ ቀላል ነው። ቀኑን ሙሉ ያልበላ መንገደኛ ሰው ቤት ይገባል፣ ምግብ ሲቀርብለት ወዲያው ይበላል። መንገደኛው ጋሽ መንግስተኣብ ናቸው፣ እንግዳ የሚያመላልሰው የሆቴላችን ሻትል ሹፌር የነበሩ ኤርትራዊ ጡረተኛ። የቤቱ እመቤት እኔ ነኝ።

ካሜራው ተከፈተ። «ይብሉ» አልኳቸው።

«ኧረ በልቻለሁ፣ እግዜር ይስጥልኝ» አሉ።

ፓርቪን አስቆመች። «ጋሼ፣ ርቦዎታል እኮ። ወዲያው ይብሉ።»

«እሺ» አሉ። ደግመን ስንጀምር «ጠግቤያለሁ» አሉ። አምስት ጊዜ እንደዚሁ።

«ምን ላድርግ ልጄ፣ ሳይለምኑኝ ሰው ማዕድ ላይ እጄን ዘርግቼ አላውቅም።»

«ፊልም ነው እኮ ጋሼ፣ ማን ያማዎታል?» አልኳቸው።

«ሚኒሶታ ያለ አበሻ ሁሉ ሊያየው አይደል እንዴ።»

አርባ ደቂቃ ቀረን። ፓርቪን ስክሪፕቷን አየችና ሳቀች። «እኛም አገር ሦስቴ ሳይለመን የሚበላ የለም። እዚህ ቆይቼ ረስቼው ነው እንደዚህ የጻፍኩት» አለች። ወዲያው ሰርዛ ሌላ ጻፈች። እኔ ልመናው ላይ ድምፄ አልወጣ ሲል ነጠላዬን ተቀብላኝ እኔ ቦታ ተቀመጠች። «እናንተ ስትለምኑ ምን ትላላችሁ?» አለችኝ። ነገርኳት።

ጉርሻ ጠቅልላ ዘረጋች። «በሞቴ» አለች፣ በዛ የኢራን አነጋገሯ። ጋሼ ሁለቴ እምቢ አሉ። በሦስተኛው «ሞትሽን አልፈልግ» ብለው ጎረሱ። ከዛ በኋላ ማን ያቁማቸው፣ ሳህኑን ጠርገው በሉ። ለካ ለሲኑ ብለው ቁርስም ሳይበሉ ነው የመጡት።

ፊልሙ በሰዓቱ ገባ፣ ፌስቲቫሉም ተቀበለው። ፓርቪን አሁን አዲስ እየጻፈች ነው፣ ሰውም ትፈልጋለች። ቅዳሜ ከሰዓት ሲዋርድ እዛው አዳራሽ አትጠፋም። እባካችሁ ሂዱና እዩዋት። ተዋናይ አይደለሁም ብላችሁ አትፍሩ፣ እሷ እንደሆነች እንደየሰዉ ጠባይ አድርጋ መጻፍ ታውቅበታለች።