ዘበኛውና ሌባዋ ዶሮ

የሰፈሩ ሰው የልጅቷን ቅጥነት አይቶ ጭራሮ ይላታል። እናቷ የሞተችው ገና አራት ዓመት ሲሆናት ነው። አባቷ የእንጨት መጋዘን የሌሊት ዘበኛ በመሆኑ ቀን ቀን ይተኛል፤ ቤታቸው ደግሞ አንዲት ክፍል ናት። እናም ጭራሮ ቀኑን ሙሉ ትንፍሽ ሳትል ትውላለች።

ጓደኞቿ ጆሮው የተቆረጠ ውሻና ላባዋ የረገፈ ዶሮ ነበሩ። ውሻው ቤት ውስጥ እንደማይጮኽ ገብቶታል። ዶሮዋ ግን እንቁላል ጥላ ልታሽካካ ስትል ጭራሮ ሮጣ በቀሚሷ ትሸፍናታለች።

አባቷ እንቅልፍ ሲወስደው ካፖርቱን ትለብስና ዱላውን ይዛ ዘበኛ ትሆናለች። ካፖርቱ ወለሉን ይጠርጋል። ሌባዋ ዶሮዋ ናት። ዘበኛዋ አልጋውን እየዞረች ሌባ ስትፈልግ፣ ሌባዋ ከኋላ ከኋላዋ ትከተላታለች። ውሻው ሌባዋን ትቶ የካፖርቱን ጫፍ ይጎትታል። ጭራሮ ትወድቃለች፤ ግን ቀስ ብላ፣ ኮሽታ እንዳይሰማ። ከዚያ ተነስታ ለባዶው ግድግዳ እጅ ትነሳለች።

አንድ ቀን ጎረቤታቸው ልብስ ሰፊዋ የአባቷን ሱሪ ጠግና ልትመልስ መጣች። በመስኮቱ ብቅ ብላ ጉዱን ስታይ አፏን በእጇ አፈነች። ጭራሮ ጣቷን ከንፈሯ ላይ አድርጋ ብትለምናትም ሴትዮዋ አልቻለችም፤ ሳቋ አመለጣት።

ጭራሮ በድንጋጤ ዞራ አልጋውን አየች። አባቷ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ትከሻው ይንቀጠቀጣል። የሚስቅ መስሏት ቀረብ ስትል ጉንጩ በእንባ ርሷል።

«አባዬ፣ ቀሰቀስንህ?»

«ነቅቼ ነበር። ሁልጊዜ እንዲህ ነው የምትውይው?» አላት።

«ድምፅ አናሰማም እኮ።»

«እሱን አይደለም የምልሽ፣ ልጄ።»

በማግስቱ አባቷ የመጋዘኑን አለቃ ወደ ቀን ጥበቃ እንዲያዛውረው ለመነው። አለቃው፣ «ለቀኑ ሰው ሞልቶኛል፤ የቸገረኝ የሌሊቱ ነው» ብሎ መለሰው።

አባቷ ለጭራሮ ስለዚህ ነገር አንድም ቃል አልተነፈሰም። ከዚያ ወዲህ ግን ከእንቅልፉ አንድ ሰዓት ቀንሶ ይነሳል፤ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጦ በቀላ ዓይኑ ጨዋታቸውን ያያል። አንዳንዴ ሌባዋ ሳትያዝ እንቅልፍ ይጥለዋል። ያን ጊዜ ጭራሮ ጨዋታውን ታቆምና አጠገቡ ቁጭ ብላ እስኪነቃ ትጠብቃለች።