እሾሁ የሚያፏጭበት ቆላ

ንጋት፣ አርብ ገበያ

ወፍ ሲንጫጫ ወጣን፤ እኔና መንገድ የሚመሩኝ እትዬ የሺ። ዘመኑ የደርግ ነው። የማስተምርበት ትምህርት ቤት ችግኝ ሊያፈላ ፈልጎ የአገሩን ግራር ዘር እንዳመጣ ላከኝ። ለእትዬ የሺ ግን የእኔ ዘር ሰበብ ነው። ልጃቸው ከውትድርና አፈሳ አምልጦ ግራሩ ውስጥ ገባ ይባላል። ይኑር ይሙት አያውቁም። ከረጢታቸው ውስጥ ቂጣ ቋጥረዋል።

ረፋድ፣ ከበሽሎ ወንዝ በላይ

የገብሱ ማሳ ከኋላችን ቀረ። ሙቀት፣ አቧራ፣ የተሰነጣጠቀ ዋልካ። ከዚያ ግራሩ፦ ከሰው ቁመት እምብዛም አይበልጥም፤ አበባው ቢጫ ድቡልቡል፣ እሾሁ ነጭ፣ የእሾሁ ግርጌ ያበጠ። እብጠቱን ጉንዳን ይበሳዋል፤ ነፋስ በቀዳዳው ሲያልፍ ያፏጫል። ይህን ካነበብኩ ቆይቻለሁ። ቢሆንም ቆላው ሁሉ ባንዴ ሲያፏጭ ጸጉሬ ቆመ።

«እዚህ ስም አይጠራም» አሉ እትዬ የሺ። «ቢጠሩሽም ዝም በይ። ሰው ከሆነ ሦስቴ ይጠራል። ያ ነገር ሁለቴ ጠርቶ ይተዋል።»

«የቱ ነገር?»

«ኧረ አታስጠሪኝ!»

ብዙም አልሄድን። ከግራሩ ውስጥ፣ በቀጭኑ፦

«እማ!»

እትዬ የሺ ቆሙ።

«እማ!»

አፋቸውን በመዳፋቸው አፈኑ። ሦስተኛውን ጠበቅን። ከኋላችን ኮረት ተንሸራተተና የቀበሌው ጥበቃ፣ አያ ስማቸው፣ ጠመንጃ አንግተው ብቅ አሉ።

«አስተማሪ! ደጋው ላይ እሾህ ጠፍቶ ነው እዚህ ድረስ መውረድ?» ብለው ሳቁና ወደ ወንዙ አለፉ።

ሦስተኛው ጥሪ አልመጣም።

«እሱ አይደለም» አሉ እትዬ የሺ፤ ፊታቸው አመድ መስሏል። ቢሆንም ከረጢቱን ቅርንጫፍ ላይ ሰቀሉት።

ከሰዓት፣ መልስ

ዘሬን ለቅሜ ተመለስን። ነፋሱ ቆሟል፤ ግራሩ ጭጭ ብሏል። ከረጢቱ እዚያው ነው፤ አፉ እንደተቋጠረ፣ ግን ባዶ።

«ዝንጀሮ ይሆናል» አልኩ፤ ከንቱ ተስፋ እንዳልሰጣቸው ፈርቼ።

«ዝንጀሮ በልቶ ይቋጥራል?» ቋጠሮውን በጣታቸው ዳሰሱ። «ልጄ ጠመንጃውን አይቶ ነው ሦስተኛዋን ጥሪ የዋጣት። እኔም ዝም አልኩት!»

ወደ ግራሩ ዞረው ያንን የቆላውን ሕግ ጣሱ።

«ወዬ! ወዬ! ወዬ!»

አንዲት ቅጠል አትነቃነቅም። ከውስጥ ግን ፉጨት ተሰማ። ቆይቶ ደግሞ ሁለተኛ። እትዬ የሺ ክንዴን ጨበጡኝ።

ሦስተኛው ከገደሉ አፋፍ፣ ከሩቅ መጣ።

እትዬ የሺ ከረጢቱን ከቅርንጫፉ አውርደው ዳገቱን ጀመሩ። አርብ ገበያ እስክንገባ ከረጢቱን ደረታቸው ላይ እንደያዙ ነበር፤ ያችን ቋጠሮ አልፈቷትም።