እግር የሚጎተትበት ዳንስ

እናቴ ካሮት ስትፈቀፍቅ ወጥ ቤቱ በር ላይ ቆሜ መስማት ልማዴ ነው። መፈቅፈቂያዋ አርጅቷል። በአንድ በኩል ጥርሶቹ ተደፍጥጠው ተኝተዋል፤ ካሮቱም ግማሹ እንደ ክር፣ ግማሹ እንደ ጣት ሆኖ ይወጣል። አዲስ ገዝቼላት ነበር፤ ከነካርቶኑ ቁም ሳጥን ውስጥ አስቀመጠችው። ይህንን የተደፈጠጠውን ግን ሥራዋን ስትጨርስ በሹካ ጀርባ ጫር ጫር ታደርገዋለች። ችክ፣ ችክችክ። ያኔ ሁለታችንም እንስቃለን። ለምን እንደሆነ ልንገርህ።

ጥርሶቹን ያስደፈጠጠው ኩባ ተምሮ የመጣው ጎረቤታችን ነው። ከሚሊኒየሙ በፊት በነበሩት ዓመታት ነው። በልጅነቱ ሄዶ ጎልማሳ ሆኖ ተመለሰና ሰፈሩ “ኩባው” አለው። የተማረው ስለ ሸንኮራ አገዳ በሽታ ነበር፤ ካዛንቺስ ውስጥ ደግሞ ሸንኮራ የሚገኘው ጋሪ ላይ ብቻ ነው። ስለዚህ ሥራ እስኪያገኝ ድረስ ከሰዓት በኋላ ከሰዓት በኋላ በቀበሌው አዳራሽ ዳንስ ያስተምረን ጀመር።

“ሳልሳ ለእናንተ ገና ነው” ይለን ነበር። “ሜሬንጌ ግን መራመድ ለሚችል ሁሉ ነው። መራመድ ትችላላችሁ አይደል?”

ሙዚቃው ከኩባ ማዶ፣ ከዶሚኒካን ሪፐብሊክ የመጣ መሆኑን የነገረን እሱ ነው። አኮርዲዮኑ ከጀርመን በመርከብ ተጭኖ መጣ፤ ከበሮው ከአፍሪካ በግድ ከተወሰዱት ሰዎች ነው፤ በሹል ብረት የሚጫረው ጣሳ መሰል ነገር ደግሞ የዚያው የደሴቷ ነው። ይህን ሁሉ የሰማነው ከአንድ ያረጀ ካሴት ነበር፤ አንድ ቀን ቴፑ ካሴቱን በላው። ራሳችን መጫወት ግድ ሆነብን። ከበሮ ከእድሩ ዕቃ ቤት ተዋስን። ኩባው አግድሞ ጭኑ ላይ አስተኝቶ በአንዱ በኩል በመዳፉ፣ በሌላው በኩል በዱላ ሲመታው የእድሩ ዘበኛ በበሩ ብቅ ብሎ “ምነው፣ ምን አደረገህ?” አለው። ለብረቱ እኔ የእናቴን መፈቅፈቂያና አንድ ሹካ አመጣሁ።

ችግራችን ትከሻ ነበር። በሜሬንጌ ትከሻ ይተኛል፣ ወገብ ይሠራል። እኛ ዘንድ ደግሞ ከበሮ ከተመታ ትከሻ ማንንም አያስፈቅድም። “ወገብ! ወገብ! ትከሻህን ቤትህ ተወው!” እያለ ድምፁ እስኪዘጋ ይጮህ ነበር። አንዱን ጓደኛችንን ትከሻውን በነጠላ ጠፍሮ አሰረው፤ ልጁ አንገቱን ይሰብቅ ጀመር።

እርምጃው ራሱ ቀላል ነው። አንዱ እግር ይራመዳል፣ ሌላው ይጎተታል። ለምን እንደሚጎተት ጠየቅሁት።

“አንድ ጀግና ጦርነት ላይ እግሩን ተመትቶ መንደሩ ገባ። ድግስ ነበር። እያነከሰ ሲጨፍር፣ እሱ እንዳያፍር ሕዝቡ ሁሉ አብሮት አነከሰ። በቃ፣ ሜሬንጌ ሆነ።”

በኋላ ያገኘሁትን ሁሉ ሳነብ ሌላም አየሁ። እግራቸው በሰንሰለት ታስሮ ይሠሩ ከነበሩ ባሮች የመጣ ነው የሚሉ አሉ፤ አንዱም በማስረጃ የጸና አይደለም። ያኔ ግን የጀግናውን ወደድኩት።

የአባቴ ግራ ጉልበት አይታጠፍም ነበር። እኔ ሳልወለድ መኪና ገጭቶት ነው። ጠዋት በታክሲ ወደ መሥሪያ ቤቱ ሲሄድ፣ ሜክሲኮ ሲደርስ ተሳፋሪው ሁሉ ወርዶ እስኪበታተን ጎንበስ ብሎ የጫማውን ክር ያስራል። “ፋዘር፣ ታስሯል እኮ!” ይለዋል ረዳቱ። በሰፈራችንም ስለዚያ እግር አይወራም። እሱ ሲያልፍ ሰው ሁሉ ሰማዩን ያያል፤ ዝናብ ይመጣ እንደሆነ ይነጋገራል። ሕፃናቱ ይህን በቁንጥጫ ተምረውታል። ላለማየት ከመልመዳችን የተነሣ ጭራሽ ረስተነው ነበር።

እህቴ ስታገባ አንድ ነገር ፈለገች፤ በመልሱ ቀን አባቷ አብሯት እንዲጨፍር።

“አንድ ዙር ብቻ፣ አባባ።”

“ተቀምጬ አጨበጭባለሁ።”

“ሰው ምን ይላል ብለህ ነው?”

“ሰው ምንም አይልም። ይኸው ስንት ዘመን ምንም አላለም።”

እህቴ ጓዳ ገብታ አለቀሰች። ከዚያ እኔን ጠርታ፣ “እንግዲያው እናንተ ድንኳኑን አሙቁልኝ” አለችኝ። “ማንም ሰው ‘የሙሽሪት አባት ይነሣ!’ የሚልበት ፋታ እንዳያገኝ። አደራ!”

የመልሱ ቀን ሙሽሮቹ ገቡ፤ ተበላ፤ ተጠጣ። ኩባው ከበሮውን ጭኑ ላይ አስተኛ፤ ያ በነጠላ ታስሮ የነበረው ጓደኛችን መፈቅፈቂያውን ያዘ። እኛ በአንድ ረድፍ ገባን፤ ትከሻችን ጸጥ ብሎ፣ ግራ እግራችንን እየጎተትን፣ ቀጥታ ወደ አባቴ ወንበር።

መጀመሪያ ያየሁት የእናቴን ፊት ነው። ትሪ እንደያዘች ደርቃ ቀርታለች። ያኔ እኔም ገባኝ፤ እግሬ ግን ልምምዱን ይዞ መጎተቱን ቀጠለ።

የእድሩ ዳኛ ተነሡ። “ኧረ እናንተ ባለጌዎች! የገዛ አባቱን! በገዛ ድግሱ!”

ኩባው ከበሮውን ታቅፎ ብድግ አለ። “ጋሼ፣ ማለቴ፣ እርስዎን አይደለም! ዳንሱ ነው። የዶሚኒካን ነው። አንድ ጀግና ነበረ…” ላቡ ከበሮው ቆዳ ላይ እየተንጠባጠበ ታሪኩን እስከ መጨረሻው ተረከው።

አባቴ ፋይል እንደሚመረምር ሰው ሆኖ ሰማው። ከዚያ፣ “የትኛው እግሩ ነበር?” አለ።

“እ… እሱ አልተነገረም፣ ጋሼ።”

“ግራው ከሆነ እነዚህ ልጆች ተሳስተዋል። ጉልበታቸውን ያጥፋሉ።” ግራ ጭኑን በመዳፉ መታ አደረገ። “የማይታጠፍ እግር በጉልበት አይሄድም። ከወገብ ነው የሚነሣው።”

“ከወገብ!” ኩባው ጮኸ። “ይኸው ስንት ጊዜ ሙሉ የምለው!”

“አንተ፣ አትጩህ” አለ አባቴ። “ይልቅ ምታው።”

ተነሣ። እህቴ ካባዋን ሰብስባ ከሙሽራው አጠገብ ሮጣ መጣች። እጇን ያዘ። ቀኝ እግሩ ረገጠ፣ ግራው ተጎተተ፣ ወገቡ ወዲያና ወዲህ ዞረ፤ ትከሻው ግን ውኃ የሞላ ብርጭቆ ቢያስቀምጡበት የሚይዝ ነበር። ኩባው አፉን ከፍቶ ቀረ። ዳኛው በተናገሩት አፍረው ይሁን ሙዚቃው ጠርቷቸው፣ እሳቸውም እያነከሱ ገቡ።

“ግራ ነው፣ ዳኛ! ግራ!” አለ አባቴ ከእህቴ ራስ በላይ።

ከዚያ ድንኳኑ በሙሉ አነከሰ። እናቴ ከነትሪዋ፣ የሙሽራው አጎቶች፣ አሮጊቶቹ ነጠላቸውን አደግድገው። በውጭ የሚያልፍ አንድ መንገደኛ አንገቱን አስግጎ “ምን አበሏቸው?” ሲል ሰማሁ። ሰፈሩ ያን እግር ፊት ለፊት ያየው ያን ቀን ነው።

በሳምንቱ ከአባቴ ጋር በታክሲ ሄድኩ። ሜክሲኮ ስንደርስ ጎንበስ እስኪል ጠበቅሁ፤ ረዳቱም ጠበቀ። አባቴ ግን ከሁላችንም ቀድሞ ወረደ። ክሩ ተፈትቶ ነበር።

አባቴ ከሞተ ቆይቷል። ኩባውም ሰፈር ለቋል፤ እህቴም የራሷን ልጅ ለመዳር ደርሳለች። ትናንት እናቴ ካሮቷን ጨርሳ መፈቅፈቂያውን ጫረችው። ችክ፣ ችክችክ። እንደ ሁልጊዜው ልስቅ ስል ሹካዋን አየር ላይ አቆመች። አባቴ ሲገባ ጫማው በበራችን ጠፍጣፋ ድንጋይ ላይ ልክ እንደዚህ ጭረት ነበር የሚለው፤ አንዴ ረገጥ፣ ከዚያ ጎተት።

“ሁሌም እሰማው ነበር” አለች። “ፊቴን አዙሬ።”

ከዚያ በሩን ቀጥ ብላ እያየች ደግማ ጫረችው።