የዴክሲጶስ የውሃ ሹመት

በግራ እጁ በለስ ይዞ እየበላ፣ በቀኙ ከድስቱ ውስጥ ባቄላ አወጣ። ነጭ ነበር። በዚያች የወደብ ከተማ የዓመቱ ሹም የሚለየው በዕጣ፣ ነጭ ባቄላ በደረሰው ነውና፣ መምህር ዴክሲጶስ የምንጮችና የጉድጓዶች ኃላፊ ሆነ።

ሃያ ዓመት ሙሉ ወጣቶችን ጥላ ሥር ሰብስቦ "ፍትሕ ምንድን ነው? ማወቅስ?" እያለ ሲጠይቅ የኖረ ሰው ነው። አንድ ቀን እንኳ መልስ ሰጥቶ አያውቅም፤ የተከበረውም በዚሁ ነበር።

"ተሾምኩ" አላት ሚስቱን ሚርቶን።

"በምን?"

"በውሃ።"

"ከተማው በጥም ማለቁ ነው በለኛ!" ብላ ሳቀች።

የፈራችው አልቀረም። በዚያ በጋ ምንጮቹ እንደ ክር ቀጠኑ። ሴቶቹ ገና ሳይነጋ እንስራቸውን ይዘው ይሰለፋሉ። እሱም ወረፋው እንዴት ቢከፈል ፍትሐዊ እንደሚሆን እየዞረ ይጠይቃቸው ጀመር። አንዷ ዓሣ ሻጭ "መምህር፣ ጥያቄ ይጠጣል እንዴ?" ስትለው ሰልፉ በሙሉ በሳቅ አውካካ።

በታችኛው ሰፈር በድንጋይ የተከደነ አሮጌ ጉድጓድ ነበር። ለምን እንደተከደነ ሽማግሌዎቹን ጠየቀ። አንዱ "የውሃዋ አድባር ተቆጥታ ነው" አለው፤ ሌላው "በሬ ገብቶበት ነው" አለ፤ ሦስተኛው ደግሞ "አባቴ አትንካው ብሎኛል፣ አልነካሁትም" አለ። ዴክሲጶስ እርስ በርሱ የማይገጥም ምክንያት ምክንያት አይደለም ብሎ ድንጋዩን አስነሳ። ውሃው ቀዝቃዛና ጥርት ያለ ነበር፤ መጀመሪያ የጠጣውም ራሱ ነው። ሰው ሁሉ መረቀው። በዚያ ምሽት ሚርቶን "ዛሬ አንድ ነገር አወቅሁ" አላት።

በአርባኛው ቀን ታችኛው ሰፈር ትኩሳት ገባ። አሥራ አንድ ሰው ተኛ፤ ገመድ ሠሪው ባቶስ ሞተ።

ዴክሲጶስ ሮጦ ጉድጓዱን አስከደነ። ግን ደግሞ የላይኛው ሰፈር ሰዎች ከዚያው ጠጥተው ደህና ናቸው። ከታመሙት ሁለቱ ከመርከብ የወረዱት በሕመማቸው ዋዜማ ነው፤ ጉድጓዱን በዓይናቸውም አላዩት። ይህን ሲያሰላስል ሴቶቹ ዱላ ይዘው መጡ።

"ከትኩሳቱ በፊት ጥሙ ይጨርሰናል! ክፈት!"

ከፈተ። በማግስቱ ሌላ ሰው ታመመ ሲባል ዘጋ። ልጆች በጥም አለቀሱ ሲባል ደግሞ ከፈተ። "ሰውዬው ራሱ ክዳን ሆነ እኮ፣ ጠዋት ይከደናል፣ ማታ ይገለጣል" እያሉ ተሳለቁበት። መብላት አቃተው። ከዚያ ዝናቡ መጣ፣ ትኩሳቱም ሄደ። ዝናቡ ይሁን ያባረረው ሌላ ነገር፣ የሚያውቅ አልተገኘም።

ሹም ዓመቱን ሲጨርስ ሕዝብ ፊት ይመረመራል። አዋጅ ነጋሪው "ክስ ያለው ይናገር!" ሲል የባቶስ ሚስት አርኪፔ ተነሣች። ዴክሲጶስ ትክሰሰኝ ብሎ በልቡ ተመኘ። "ገደልከው" ብትለው ቢያንስ ቁርጡን ያውቅ ነበር።

"ባቶስ ጠጥቷል፣ ሞቷል። እኔም ጠጥቻለሁ፣ ይኸው ቆሜአለሁ። ምን ብዬ ልክሰሰው?" አለችና ተቀመጠች።

ነጻ ለቀቁት። ሰዉ ተበትኖ ሲያልቅ እሱ የት እንደሚሄድ የጠፋበት ይመስል እዚያው ቆሞ ነበር።

ከጥቂት ቀን በኋላ ገመድ መሥሪያዋ ድረስ ሄደ።

"አርኪፔ፣ እውነቱን ንገሪኝ። ጥፋተኛ ነኝ ወይስ አይደለሁም?"

"አንተ ያላወቅኸውን እኔ በምን ላውቀው?" አለችው፣ ዓይኗን ከሥራዋ ሳትነቅል። "ይልቅ ና፣ ይህን ጫፍ ያዝልኝ። ባቶስ ነበር የሚይዝልኝ።"

ያዘላት። ስታከርረው ገመዱ መዳፉን ቆረጠው።

"ጠበቅ አድርገው እንጂ! ይፈታብኛል!"

በማግስቱም ሄደ። ወደ ማስተማሩ ከተመለሰ በኋላም ከሰዓት ከሰዓት እዚያው ነበር፤ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ። ተማሪዎቹ ለምን እንደሚሄድ ሲጠይቁት አንድ ቀን ካሳ ነው ይላቸዋል፣ ሌላ ቀን እጄ ለምዶት ነው ይላል፤ አንዳንዴም መልሱን ጀምሮ መሐል ላይ ይተወዋል። ሚርቶ ጠይቃው አታውቅም። ማታ ሲገባ የተላጠውን መዳፉን የወይራ ዘይት ትቀባዋለች።