ስንት ለስንት ነን?

ልጅ ሳለሁ፣ ካናዳ ውስጥ ሬክስዴል በሚባል ሰፈር በነበረችው ጠባብ አፓርታማችን፣ ተረት የምንሰማው የኤሌክትሪክ ማሞቂያ ከበን ነበር። ተራኪው የእናቴ አጎት ጋሽ ታዬ ነበሩ። አጠገባችን ባለው ዌስተን ሰፈር በአንድ የአረጋውያን መጦሪያ ይሠሩ ስለነበር፣ ያኔ የሚያወሩልን ስለ ጅብና ጦጣ ሳይሆን ስለሚንከባከቡት አንድ ሽማግሌ አሜሪካዊ ነበር። ማሞቂያው እንደ ፍም ሲቀላ፣ ሲጋራ ሲጋራ የሚሸት ካፖርታቸውን ሳያወልቁ ይጀምራሉ።

ሰውየው በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ዘመን፣ ኳስ በእጅ ይዘው እየተላተሙ የሚጫወቱት የአሜሪካን ፉትቦል ተጫዋች ነበር። እኩዮቹ ሲዘምቱ እሱን አንድ ጆሮው አይሰማም ብለው መለሱት። ተመልካቹ «ፈሪ! ወንዶቹ እየሞቱ አንተ ትጫወታለህ?» እያለ ሲሰድበው፣ ፈሪ ላለመባል፣ በቆዳ ቆብ ብቻ ጭንቅላቱን ሸፍኖ፣ ቢመታም ከሜዳ አልወጣም አለ። አንድ ቀን ወድቆ ተነሣና ጓደኞቹን «ስንት ለስንት ነን?» አላቸው። ነገሩት። ጥቂት ቆይቶ ደግሞ ጠየቀ። ሳቁበት፤ እሱም ተመልሶ ገባ። ከጦርነቱ በኋላ እዚህ ካናዳ መጥቶ ጥቂት ዓመት ተጫወተ። እያደር ግን የቤቱ መንገድ፣ ቀጥሎም የልጆቹ ስም ጠፋው።

«ዛሬም ራት ሳበላው ይጠይቀኛል» ይሉ ነበር ጋሽ ታዬ። «እየመራን ነው እለዋለሁ። ምን ልበለው?»

እኔ ፈርቼ ብርድ ልብሱን እስከ አፍንጫዬ እስባለሁ። ያንኑ ጨዋታ በትምህርት ቤቱ ቡድን የሚጫወተው ታላቅ ወንድሜ ናሆም ግን፣ «ጋሽዬ፣ አሁን እኮ ሄልሜት አለ» ብሎ ይስቃል።

አንድ ቅዳሜ ጨዋታውን ላይ ሄጄ ነበር። ናሆም ተጋጭቶ ወደቀ፤ ወዲያው ተነሣ። አውቶቡስ ውስጥ፣ «ለማሚ እንዳትነግሪያት። ኮቹ ከሰማ ቤንች ያደርገኛል፤ አያጫውተኝም» አለኝ። ማልኩለት። ቤት ገብቶ አንድ ጫማውን እየፈታ፣ «ስንት ለስንት ወጣን?» አለኝ። ነገርኩት። ሁለተኛውን ሲፈታ፣ «ስንት ለስንት ወጣን?» አለኝ።

እናታችን ሥራ ላይ ነበረች። ሳሎን ወደተቀመጡት ጋሽ ታዬ ሮጬ፣ «ናሆም ውጤቱን ሁለቴ ጠየቀኝ» አልኳቸው። ሻያቸውን አስቀምጠው የመኪናቸውን ቁልፍ አነሡ።

ሆስፒታል ሲመረመር ጭንቅላቱ ውስጥ ደም ፈስሶ ነበር፤ ዶክተሮቹ ደረሱለት። ከዚያ ወዲያ አልተጫወተም። «አሳባቂ» ብሎ ክረምቱን ሙሉ አኮረፈኝ። ጋሽ ታዬ ግን «ፈሪ ለእናቱ ነው፤ አበጀሽ» አሉኝ።

ናሆም ዛሬ ኖርዝ ዮርክ የሚኖር የልጆች አባት ነው። ባለፈው ሳምንት ኮል አድርጎ፣ «ለልጁ ልደት ስንት ሰዓት ትመጫለሽ?» አለኝ። ነገርኩት። ጥቂት አወራንና፣ «ስንት ሰዓት ነው የምትመጪው?» አለ። ልጆቹ ሲጮኹ ይሰማኛል፤ በጫጫታው አልሰማኝ ይሆናል። እኔ ግን ስልኩን ሳልዘጋ የመኪናዬን ቁልፍ አነሣሁ።