የምህረት አማት

የመጀመሪያ ምድቤ ከወርቃ ከተማ ሽቅብ በእግር የሚደረስባት አንዲት ጤና ኬላ ነበረች። በጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኝነት ሥራ በጀመርኩበት ዕለት ቁልፉን ያስረከቡኝ ተቆጣጣሪያችን ሲስተር አልማዝ ናቸው፤ ረጅም ዘመን በአዋላጅነት የሠሩ፣ ቀስ ብለው የሚናገሩ ሴት። የክትባት ሳጥኑን፣ የደም ግፊት መለኪያውንና የሕፃናት ሚዛኑን አሳዩኝ። እኔ ፖስተር ለመስቀል ስንደረደር አቆሙኝ።

«ዛሬ ምንም አታስተምሪ» አሉኝ። «ቤት ለቤት ዙሪና ከሰው ተዋወቂ።»

በዚያው ዕለት ወይዘሮ ታደለች ቤት ገባሁ። ስማቸውን ቀይሬዋለሁ፤ የምራታቸውንም እንዲሁ። ከጓዳ ብቅ ያለችውን ልጅ «ስምሽ ማን ነው?» አልኳት።

«ምህረት ትባላለች። የልጄ የደመቀ ሚስት ናት» አሉ ወይዘሮ ታደለች።

ዕድሜዋን ጠየቅኩ፤ አሁንም እሳቸው መለሱ። ደህና መሆኗንም የነገሩኝ እሳቸው ናቸው።

ምህረት ስምንተኛ ክፍልን በጥሩ ውጤት ነው የጨረሰችው። ከዚያ በላይ ለመማር ገደብ ከተማ ቤት ተከራይቶ መቀመጥ ግድ ነው። አባቷ ብቻዋን የምትኖር ልጃገረድ ስም ይጠፋል ብለው ፈሩ። ደመቀ ደግሞ በቡና ማጠቢያ ጣቢያ የሚሠራ፣ ከቸርች የማይቀር ጨዋ ልጅ ስለነበር ለእሱ ዳሯት። አባቷ ክፉ አላሰቡም። አሥራ ስምንት ሞልቷታል አሉ፤ እኔ ግን ያን ያህል መሆኗን ተጠራጥሬ ነበር። እኔ ስደርስ ሠርጉ አልፏል። ከሠርጉ በኋላ የሰፈሩ ዓይን ሆዷ ላይ አረፈ።

አንድ ቀን ውኃ ልትቀዳ የወጣች መስላ ጤና ኬላው መጣች። ጄሪካኗን በሩ ላይ አስቀምጣ፣

«ሲስተር፣ አሁን መውለድ አልፈልግም። መማር ነው የምፈልገው» አለችኝ።

የወሊድ መከላከያ መርፌውንም፣ ኪኒኑንም፣ ክንድ ላይ የሚቀበረውንም አሳየኋት። የማንም ፈቃድ እንደማያስፈልጋት፣ ለማንም እንደማልናገር ነገርኳት። ራሷን ነቀነቀች።

«ተደብቄ አልወስድም። ከአማቴ ጋር በአንድ ጣሪያ ሥር ነው የምንኖረው። በኋላ ቢታወቅ ውሸታም እባላለሁ። ራሴ እነግራታለሁ። አንቺ ግን አብረሽኝ ሁኚ።»

ሲስተር አልማዝን አማከርኳቸው። «ምስጢሩ የእሷ ነው» አሉኝ። «እስክትናገር ትንፍሽ እንዳትዪ። ስትናገር ግን አጠገቧ ተገኚ።»

ምህረት የመረጠችው ከአማቷ ጋር እንሰት የሚፋቁበትን ቀን ነው፤ እዚያ ወንድ አይደርስም። እኔም ልረዳ ብዬ ተቀመጥኩ። አንዲት ጎረቤትም ነበረች። እየፋቀች፣ «ሙሽራዪቱ እስካሁን ምንም የለም እንዴ?» አለች እየሳቀች።

ምህረት መፋቂያዋን አስቀመጠች።

«እማዬ፣ ምንም የሌለው እስካሁን እግዚአብሔር ስላልሰጠኝ ነው። እኔ ግን አሁን ባይሰጠኝ ደስ ይለኛል። ትምህርቴን ልጨርስና ከዚያ ልውለድ።»

የሁላችንም እጅ ቆመ። እኔ ልጅቷ ዛሬውኑ ወደ አባቷ ቤት ተመለሰች ብዬ ነበር። ወይዘሮ ታደለች ወደ እኔ ዞሩ።

«ያ መድኃኒት ማህፀን ያደርቃል ይባላል። ያደርቃል አያደርቅም? እውነቱን ንገሪኝ።»

«አያደርቅም እትዬ። ሲወጣ ትወልዳለች። ክንድ ላይ የሚቀበረው በፈለገች ጊዜ ይወጣል።»

ከዚያ ለምራታቸው በጌዴኦኛ የተናገሩትን እስከ ዛሬ አልረሳሁትም። በአማርኛ እንዲህ ማለት ነው፦

«እኔ ደመቀን ስወልድ ከአንቺ አንስ ነበር። ሞቼ ነው የተነሳሁት። ትወልጃለሽ ወይ ብሎ የጠየቀኝ ሰው አልነበረም። ለባልሽ አንቺ ንገሪው። ለሰፈሩ እኔ እነግራለሁ።»

ጎረቤቷ የሰማችውን ስላወራች ወሬው ለመዳረስ ጊዜ አልፈጀበትም። ምህረት ስትነግረው ደመቀ አኮረፈ። የሥራ ባልደረቦቹ «ሚስትህ አዘዘችህ» እያሉ ይተርቡት ነበር። አንድ ቀን እኔ በተቀመጥኩበት ለእናቱ የልቡን አወጣው።

«ተምራ ብትተወኝስ?»

«ሳትማር የምትቆየው መሄጃ አጥታ ከሆነ፣ እሱ መቆየት ነው?» አሉት። ከቀናት በኋላ ራሱ ጤና ኬላው ድረስ አብሯት መጣ፤ ክንዷ ላይ እስክቀብርላት ደጅ ቆሞ ጠበቃት። ያንን ወጣት የማከብረው ከዚያን ቀን ጀምሮ ነው። ዘጠነኛ ክፍል ልትመዘገብ ስትሄድም በሞተር ያደረሳት እሱ ነው።

ለእናቱ ግን ነገሩ እንዲህ ቶሎ አላበቃም። አንድ እሑድ ከቸርች ስንወጣ አንዲት ሴት፣ «ልጅሽ መካን አመጣ አሉ» ብላ ሰው እየሰማ ተናገረቻቸው። ወይዘሮ ታደለች ድምፃቸውን እንኳ ሳይቀንሱ፣ «የልጅ ልጅ የምጠብቀው እኔ። አንቺን ምን አስቸኮለሽ?» አሏት። ምህረት አንገቷን ደፍታ ነበር፤ ክንዷን ይዘው ቀና አደረጓት።

ገደብ ውስጥ አንዲት ዘመዳቸውን ለምነው ማረፊያ ያገኙላትም እሳቸው ናቸው። የምራት ሥራ የሚባለውን ሁሉ፣ ውኃውን፣ እንጨቱን፣ ቆጮውን፣ እንደገና ተሸከሙት። ወገባቸውን ያማቸው እንደነበር አውቃለሁ፤ ማስታገሻ ይወስዱ የነበረው ከእኔ ነው። «ለምህረት እንዳትነግሪ» ይሉኝ ነበር።

ሁሉም ቤት እንዲህ አልነበረም። በዚያው ቀበሌ በምህረት ዕድሜ ያለች ሌላ ልጅ፣ ባሏም አማቷም አይሆንም ስላሏት ቶሎ አረገዘች። ምጡ ሲጠናባት በአምቡላንስ ዲላ ወሰድናት። እሷ ተረፈች፤ ሕፃኑ አልተረፈም። ያቺም ልጅ እንደ ምህረት ጎበዝ ነበረች።

ምህረት አሥራ ሁለተኛን ጨረሰች። ከዚያ በኋላ በራሷ ጊዜ መጥታ «አውጪልኝ» አለችኝ። ሴት ልጅ ስትወልድ ያዋለዷት ሲስተር አልማዝ ናቸው፤ እኔም አጠገቧ ነበርኩ። ወይዘሮ ታደለች ሕፃኗን ታቅፈው በመስኮቱ ብርሃን ለረጅም ጊዜ ሲያዩአት ቆዩ። «ሰነፍ! አስጠበቅሽኝ» አሏት።

ዛሬ አዲስ የሚመደቡ ልጆችን የማለማምደው እኔ ነኝ። መድኃኒቱን መስጠት ቶሎ ይለመዳል። ከልጅቷ ጎን የሚቆም አንድ ትልቅ ሰው ቤቷ ውስጥ ማግኘት ግን ጊዜ ይፈጃል፤ የሥራችን ትልቁ ክፍል እሱ ነው።